ወፏን ማን ሠራት? የቀራጺው ኮንስታንቲን ብራንኩሺ ሕይወትና ሥራ

[ምስል፦ የኒውዮርክ ወደብ፣ የ1920ዎቹ ፎቶ]

ኦክቶበር 1926። ፓሪስ የምትባል መርከብ ኒውዮርክ ደረሰች። ከጭነቷ መሀል ሃያ ቅርጻ ቅርጾች አሉ። ይዟቸው የመጣው አርቲስቱ ማርሴል ዱሻምፕ ነው። የጉምሩክ ሰዎች ሳጥኖቹን ከፈቱ። ከአንዱ ውስጥ የሚያብረቀርቅ ረጅም ነሐስ ወጣ። ከታች ቀጠን ብሎ ይነሳል፣ መሀሉ ላይ ወፈር ይላል፣ ጫፉ ላይ በሰያፍ ተቆርጦ ያልቃል።

ወረቀቱ ላይ የተጻፈው "ወፍ" ነው። ሰዎቹ ዞሩት፣ አዩት። ክንፍ የለም። ምንቃር የለም። እግር የለም፤ ላባ የሚባል ነገር ጭራሽ የለም።

በጊዜው የአሜሪካ ሕግ የሥነ ጥበብ ሥራ ያለ ቀረጥ ይገባል። ተራ የብረት ዕቃ ከሆነ ግን 40 በመቶ ይከፈልበታል። ጉምሩክ ብዙም አልተጨነቀ። ወፏን "የወጥ ቤት ዕቃና የሆስፒታል መገልገያ" ከሚለው ክፍል መደባት።

[ምስል፦ ወፏ፣ ከጎን በቀስታ ስትዞር]

የወፏ ባለቤት ኮንስታንቲን ብራንኩሺ ይባላል። ዛሬ የዘመናዊ ቅርጻ ቅርጽ ታሪክ ሲነሳ ስሙ ከፊት ይጠራል። ብዙ ጊዜ የሚቀርብልን እንደ ፈላስፋ ነው፤ ነጭ ልብስ ለብሶ፣ ጺሙን አሳድጎ፣ ረቂቅ ነገር የሚያስብ ባሕታዊ። እኔ ግን ዛሬ በሌላ በር ልግባ። ብራንኩሺ ከምንም በላይ የእጅ ባለሙያ ነበር። አዲሱን ነገር ያገኘው ድንጋይና ብረት ላይ ዓመታት ሲለፋ ነው እንጂ ቁጭ ብሎ በማሰብ ብቻ አይደለም። ይህን ከያዝን ያቺ ግራ የምታጋባ ወፍም ትገባናለች።

አንድ ነገር ላስታውሳችሁ፤ የምጠራቸው ዓመቶች ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

[ምስል፦ የካርፓቲያን ተራሮች፣ የተቀረጸ የበረንዳ ምሰሶ]

ብራንኩሺ ፌብሩዋሪ 19 ቀን 1876 ሆቢጻ ውስጥ ተወለደ። ደቡብ ምዕራብ ሮማኒያ፣ ጎርዥ በሚባለው አውራጃ ያለች የገበሬ መንደር ናት። ልጅ ሳለ በግ ጠብቋል። በዚያ አገር እንጨት መቅረጽ የኑሮ አካል ነው። የበረንዳው ምሰሶ፣ የግቢው በር፣ ማንኪያው፣ የመቃብሩ ምልክት ሳይቀር በመጥረቢያና በቢላ ይዋባል። ይህን እዚህ ላይ ያዙልኝ፤ የበረንዳው ምሰሶ በኋላ ትልቅ ጉዳይ ይሆናል።

ገና በልጅነቱ ከቤት ወጣ። ክራዮቫ ከተማ ሄዶ መጠጥ ቤት ተቀጠረ። እንደሚተረከው እዚያ እያለ ካገኘው ተራ እንጨት ቫዮሊን ሠራ፤ ያየ አንድ ሀብታም ተገርሞ ትምህርት ቤት አስገባው። የቫዮሊኑ ወሬ ትንሽ ቅመም ተጨምሮበት ሊሆን ይችላል። ትምህርቱ ግን እውነት ነው። ከ1894 እስከ 1898 በክራዮቫ የዕደ ጥበብ ትምህርት ቤት እንጨት ሥራ ተማረ። ከዚያ ቡካሬስት፣ የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት ገባ።

ቡካሬስት ላይ ብዙ ሰው የሚዘለው አንድ ሥራ አለ። ተማሪ ሳለ ዲሚትሪዬ ጄሮታ ከሚባል የአናቶሚ ሐኪም ጋር ሆኖ ቆዳው የተገፈፈ ሰው ቅርጽ ሠራ። እያንዳንዱ ጡንቻ ቦታው ላይ ነው። ጅማቱ፣ የጎድን አጥንቱ፣ የጉልበቱ መገጣጠሚያ፣ ሁሉም ልክ ነው። ሥራው ለሕክምና ተማሪዎች ማስተማሪያ እስከመሆን ደረሰ። "ሰውዬው ሰው መሥራት ስላቃተው ነው እንቁላል መሥራት የጀመረው" የሚል ሰው ካጋጠማችሁ ይሄንን ፎቶ አሳዩት። ክርክሩ እዚያው ያልቃል።

በ1904 ፓሪስ ገባ። ብዙውን መንገድ በእግሩ እንደሄደው ይነገራል። ፓሪስም እጇን ዘርግታ አልተቀበለችውም። ሳህን አጠበ። በሮማኒያ ኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያን እየዘመረ ሳንቲም ለቀመ። እየሠራም ታዋቂው የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት ገብቶ ተማረ።

[ምስል፦ የሮዳን ስቱዲዮ፣ ረዳቶች እብነ በረድ ሲጠርቡ]

እዚህ ላይ ትንሽ ቆም እንበል። ምክንያቱም ቀጥሎ የሚመጣውን ለመረዳት በዚያ ጊዜ ሐውልት እንዴት ይሠራ እንደነበር ማወቅ ያስፈልጋል።

የዘመኑ የቀራጺዎች ንጉሥ ኦጉስት ሮዳን ነው። ሮዳን የሚሠራው በጭቃ ነው። ጭቃው በጀሶ ይገለበጣል። ከዚያ ረዳቶቹ በመለኪያ መሣሪያ ነጥብ በነጥብ እየለኩ ቅርጹን ወደ እብነ በረድ ያሻግሩታል። ትልቅም ትንሽም አድርገው ማውጣት ይችላሉ። ጌታው ራሱ ድንጋዩ ላይ መሮ ላያሳርፍ ይችላል። ይህ የሮዳን ስንፍና አይደለም፤ የሙያው አሠራር እንደዚያ ነበር። ሐሳቡ የጌታው፣ ድካሙ የረዳቱ።

በ1907 ብራንኩሺ ከረዳቶቹ አንዱ ሆነ። ማንኛውም ወጣት ቀራጺ የሚቋምጥለት ሥራ ነው። እሱ ግን ብዙም ሳይቆይ ጥሎ ወጣ። በትልቅ ዛፍ ጥላ ሥር ምንም አይበቅልም ብሎ ነበር።

አባባሉ ያምራል፤ ሁሉም ይጠቅሰዋል። ለእኔ ግን ዋናው ነገር ከወጣ በኋላ ምን አደረገ የሚለው ነው። ጭቃውን ተወው። ረዳቱን ተወው። መለኪያውንም ተወው። ድንጋይ ፊቱ አስቀምጦ በቀጥታ መጥረብ ጀመረ።

[ምስል፦ "መሳሳም"፣ የክራዮቫው ቅጂ በቅርበት]

ከዚያ የወጣው ሥራ "መሳሳም" ይባላል። ከ1907 እስከ 1908 ነው የተሠራው። ቁመቱ ወደ 28 ሳንቲሜትር ብቻ ነው፤ ጠረጴዛ ላይ ይቀመጣል። ሮዳንም "መሳሳም" የሚባል ሥራ አለው፤ ሁለት ራቁት ሰዎች፣ ለስላሳ ገላ፣ የሚንቀሳቀስ ጡንቻ። የብራንኩሺ ሌላ ዓለም ነው።

ጠጋ ብላችሁ እዩት። አንድ ካሬ የሚመስል ድንጋይ አለ። ሁለት ሰዎች ከወገብ በላይ ተቃቅፈዋል፤ ግን ከድንጋዩ አልወጡም። ክንዶቻቸው ጠፍጣፋ ናቸው፤ አንዱ የሌላውን አንገት ዞሮ ይይዛል። ሴቷን የምትለዩት በረዘመው ጸጉሯና በደረቷ ትንሽ ጉብታ ነው። ዓይናቸውን ተመልከቱ። የእሱ ግማሽ ዓይንና የእሷ ግማሽ ዓይን ገጥመው ከጎን ሲታዩ አንድ ዓይን ይሆናሉ። በመሀላቸው ያለው አንድ ስንጥቅ መስመር ነው። ድንጋዩ ድንጋይነቱን አልካደም።

ይህ በጭቃ የማይታሰብ ነገር ነው። ጭቃ ላይ ትጨምራለህ፣ ትቀንሳለህ፣ ታጣምማለህ። ድንጋይ ላይ የቆረጥከው አይመለስም። ስለዚህ የምትቆርጠው የግድ መቆረጥ ያለበትን ብቻ ነው። የብራንኩሺ ቁጥብነት ከዚህ የመጣ ይመስለኛል። በዚያን ጊዜ በቀጥታ ድንጋይ የሚጠርብ እሱ ብቻ አልነበረም፤ ግን እንደሱ ነገሩን እስከ ጫፍ የወሰደው የለም። ሠዓሊው አሜዴኦ ሞዲሊያኒ በ1909 ገደማ ተዋውቆት እሱም ለተወሰኑ ዓመታት ድንጋይ ወደ መጥረብ ገብቷል።

ቀጣዮቹን ዓመታት በፍጥነት ልለፋቸው። በ1910 "የተኛች የጥበብ እንስት አምላክ" መጣች፤ አንገትም ትከሻም የሌለው፣ ጎኑን ጋደም ያለ ጭንቅላት ብቻ። ከዚያ ሃንጋሪያዊቷን ሠዓሊ ማርጊት ፖጋኒን በትልልቅ ዓይኖች ሠራት። በ1913 ሥራው ኒውዮርክ ላይ ሲታይ በስኳር ኩብ ላይ የተቀመጠ ቅቅል እንቁላል ተብሎ ተቀልዶበታል። በ1920 ደግሞ "ልዕልት ኤክስ" የወንድ ብልት ትመስላለች ተብላ ከፓሪስ ኤግዚቢሽን ተነሳች። እሱ የሴት ምስል ነው ብሎ ድርቅ አለ። በዚህ ተናዶ ለዓመታት ፓሪስ ውስጥ ማሳየት አቁሟል። ግልጽ ለመናገር እኔም ሳየው የፓሪስ ሰዎች ምን እንደታያቸው ይገባኛል።

[ምስል፦ ወፎቹ በተርታ፣ ከ1910 እስከ 1940ዎቹ]

አሁን ወደ ወፏ። ብራንኩሺ ወፍ ላይ የሠራው ከሠላሳ ዓመት በላይ ነው።

መነሻዋ ማያስትራ ትባላለች፤ በሮማኒያ ተረት ያለች አስማተኛ ወፍ። የመጀመሪያዋ በ1910 አካባቢ ከእብነ በረድ ተሠራች። ደረቷን ነፍታለች፣ አንገቷን አቅንታለች፣ ምንቃሯ ተከፍቷል፣ እግር አላት። የትኛውም ልጅ ወፍ ይላታል። ቀጥሎ "ወርቃማ ወፍ" መጣች፤ እግሮቿ ከገላዋ ጋር ገጠሙ፣ ራሷ ከአንገቷ ተዋሐደ። በ1923 ደግሞ "ወፍ በጠፈር" ጀመረ። በዚህች ላይ የቀረው አንድ ወደ ላይ የሚወጣ መስመር ነው። የተከፈተው ምንቃር ወደ ሰያፍ ቁራጭ ተለውጧል። እግሩ ቀጭን ማረፊያ ሆኗል።

እነዚህን በተርታ ስታዩ ነገሩ ዝም ብሎ የመጣ እንዳልሆነ ይገባችኋል። ከአንዷ ወደ ሌላዋ ሲሻገር የሚቀንሰው ጥቂት ነው። "ወፍ በጠፈር"ን ብቻ በእብነ በረድና በነሐስ አሥራ ስድስት ጊዜ ሠርቷታል። የአንዷ ወገብ ትንሽ ይቀጥናል፣ የሌላዋ ጫፍ ትንሽ ይሾላል። ሰው "ያው ናቸው" ይላል። አይደሉም።

ሌላው ነገር ማለስለሱ ነው። ነሐሷ እንደ መስታወት እስክታበራ ድረስ ተሞርዳለች። አጠገቧ ስትቆሙ ጠርዟን ዓይናችሁ በትክክል አይዘውም፤ ብርሃኑ ይበላዋል። የት እንደምታልቅ አታውቁም። ከባድ ብረት መሆኗ ይረሳችኋል። ክንፍ ቢኖራት ይህ ሁሉ ባልሆነ ነበር።

[ምስል፦ የፍርድ ቤት አዳራሽ]

እና ጉምሩክ ይህችን ይዞ ነው 40 በመቶ የጠየቀው። አንድ የጉምሩክ ኃላፊ ለጋዜጣ ሲናገር፣ ካማከራቸው የጥበብ ሰዎች አንዱ "ይሄ ጥበብ ከሆነ እኔም ከእንግዲህ ግንበኛ ነኝ" እንዳለው ጠቅሷል።

ወፏን የገዛው ፎቶ አንሺው ኤድዋርድ ስታይከን ነው። ዋጋዋ 600 ዶላር። ቀረጡን ብቻ ከፍሎ መገላገል ይችል ነበር። ግን ክስ ተመሠረተ፤ ብራንኩሺ ከሳሽ፣ የአሜሪካ መንግሥት ተከሳሽ። ችሎቱ በ1927 ተጀመረ።

ጥያቄዎቹ አስቂኝ ይመስላሉ። ዳኛው ስታይከንን ይሄን ምን ብለው ይጠሩታል አሉት። ቀራጺው ወፍ ካለው እኔም ወፍ እለዋለሁ አለ። ወፍ ይመስላል ወይ? አይመስልም፤ ግን ወፍነት ይሰማኛል። ጫካ ውስጥ ቢያዩት ይተኩሱበታል? አልተኩስም፣ ክቡር ዳኛ።

በዳኞቹ ላይ መሳቅ ቀላል ነው። የዘመናዊ ጥበብ ወዳጆች ይህን ታሪክ ሲያወሩ ሁልጊዜ ይስቃሉ። እኔ ግን ዳኞቹ ሥራቸውን በደንብ የሠሩ ይመስለኛል። ከእነሱ በፊት በ1916 በተሰጠ ውሳኔ ቅርጻ ቅርጽ ማለት ተፈጥሮን አስመስሎ የሚቀረጽ ነው ተብሎ ነበር። ያንን ይዘው በአንድ ቀን ማሰናበት ይችሉ ነበር። እነሱ ግን ቁጭ ብለው ምስክር ሰሙ።

ለመንግሥት ሁለት ቀራጺዎች ቀርበው ይህ ጥበብ አይደለም አሉ። ለብራንኩሺ ወገን ደግሞ ቀራጺው ጄኮብ ኤፕስታይን መጣ። እጁ ላይ የጥንት ግብጽ የድንጋይ ጭልፊት ይዞ ነበር። ሺህ ዓመታት ያስቆጠረ ሥራ ነው፤ እሱም ላባና ዝርዝር የለውም። እዩት፣ ነገሩ አዲስ አይደለም ለማለት ነው።

ከዚያ የመንግሥት ጠበቃ ጠንካራውን ጥያቄ አመጣ። ጎበዝ የብረት ሠራተኛ ይህን ብረት ቆርጦ፣ ሞርዶ፣ ወልውሎ ማውጣት አይችልም ወይ? የኤፕስታይን መልስ ቁልጭ ያለ ነበር። መወልወል ይችላል፤ ቅርጹን ማፍለቅ ግን አይችልም፤ ከቻለማ የብረት ሠራተኛ መሆኑ ቀርቶ አርቲስት ሆነ ማለት ነው።

[ምስል፦ ብራንኩሺ ስቱዲዮው ውስጥ፣ ሞረድ ይዞ]

ጥሩ መልስ ነው። የብራንኩሺ ግን ይበልጥብኛል። እሱ ፓሪስ ሆኖ ቃሉን በጽሑፍ ሰጠ። ነሐሱ ከማቅለጫው ሻካራ ሆኖ ይመጣል፤ የአየር ቀዳዳዎቹን እኔው እደፍናለሁ፤ ጉድለቱን አስተካክላለሁ፤ በሞረድና በጣም በደቀቀ ማለስለሻ እወለውላለሁ፤ ይህን ሁሉ በእጄ ነው የምሠራው አለ። በጣም ረጅም ጊዜ ይወስዳል፣ ሥራውን እንደገና ከመጀመር አይተናነስም፣ ሌላ ሰውም እንዲነካው አልፈቅድም አለ።

ኤፕስታይን ሐሳቡን ከእጅ ሥራው ለይቶ ተከራከረ። ብራንኩሺ ግን አልለየውም። ለእሱ መሞረዱ ራሱ ማሰቢያው ነው። ወገቧ ምን ያህል መቅጠን እንዳለበት የሚታወቀው እየተሞረደ ነው። ስለዚህ ወፏን ማን ሠራት ተብሎ ሲጠየቅ ጣቶቹን ማሳየት ይበቃው ነበር።

ኖቬምበር 26 ቀን 1928 ዳኛ ዌይት ፍርዱን አነበቡ። ተፈጥሮን ከመኮረጅ ይልቅ ረቂቅ ሐሳብን ለማሳየት የሚሞክር አዲስ የጥበብ መንገድ መጥቷል፤ ብንወደውም ባንወደውም መኖሩን ማወቅ አለብን አሉ። ዕቃው ከወፍ ጋር ለማያያዝ ቢያስቸግርም ቅርጹ የተመጣጠነ ነው፣ ለማየትም ደስ ይላል። የባለሙያ ቀራጺ የራሱ ሥራ ነው። ቀረጥ አይከፈልበትም።

ዋጋ ካነሳን አይቀር፣ በ2018 አንድ የብራንኩሺ ሥራ ኒውዮርክ ላይ በ71 ሚሊዮን ዶላር ተሸጧል። ይህንን ያነሳሁት ከ600 ዶላሩ ጋር እንድታስተያዩት ነው እንጂ ለሥራው ጥራት ማስረጃ ይሆናል ብዬ አይደለም።

[ምስል፦ ኤምፓስ ሮንሳን፣ የስቱዲዮው ውስጥ]

ይህ ሁሉ ግርግር ሲሆን እሱ ፓሪስ፣ ኤምፓስ ሮንሳን በሚባል ጠባብ መንገድ ውስጥ ባለው ስቱዲዮው ነበር። ምድጃውን ራሱ ሠርቷል። ወንበሩን፣ በሩን ራሱ ሠርቷል። እንግዳ ሲመጣ ራሱ ያበስላል። ኢሳሙ ኖጉቺ፣ በኋላ ራሱ ትልቅ ቀራጺ የሆነው፣ በ1927 እዚያ ረዳት ነበር። ፎቶ አንሺው ማን ሬይ ካሜራ መጠቀም አሳየው፤ ከዚያ በኋላ የሥራዎቹን ፎቶ ሌላ ሰው እንዲያነሳ ብዙም አልወደደም። የእሱ ፎቶዎች በፎቶ ቤት መለኪያ ደካማ ሊባሉ ይችላሉ፤ አንዳንዱ ብዥ ይላል፣ አንዳንዱ ላይ ብርሃን ይበዛል። ግን ወፏ ስትበራ ምን እንደምትሆን የሚያሳዩት እነሱ ናቸው።

መቆሚያዎቹንም ልብ በሉ። ሌላው ቀራጺ ሥራውን ጨርሶ ማንኛውም ሣጥን ላይ ያስቀምጠዋል። ብራንኩሺ መቆሚያውን እንደ ዋናው ሥራ ይቀርጻል። ሻካራ እንጨት ላይ ድንጋይ፣ ድንጋዩ ላይ የሚያበራ ነሐስ። የትኛው ሥራ፣ የትኛው መቆሚያ እንደሆነ የሚያምታታበት ጊዜ አለ።

[ምስል፦ ትርጉ ዢዩ፣ ዓምዱ ከታች ወደ ላይ]

ይህ ነገር ጫፍ የደረሰው በትውልድ አገሩ ነው። በ1916 በአንደኛው የዓለም ጦርነት የሮማኒያ ወታደሮች የዢዩን ወንዝ ሲከላከሉ ወደቁ። የጎርዥ ሴቶች ማኅበር፣ በአሬትያ ታታሬስኩ መሪነት፣ መታሰቢያ እንዲሠራላቸው ጠየቀው። ከሆቢጻ ብዙም በማይርቀው ትርጉ ዢዩ ከተማ ሠራ። የእጁን ዋጋ አልተቀበለም።

ወታደር የለበትም። ጠመንጃ፣ ፈረስ፣ ባንዲራ የለበትም። ወንዙ ዳር ክብ የድንጋይ ገበታና አሥራ ሁለት መቀመጫ አለ። ከፍ ብሎ የመሳሳም በር አለ፤ ያ ሁለት ሆኖ አንድ የሆነው ዓይን በምሰሶዎቹ ላይ ታትሟል። ከከተማው ማዶ ደግሞ ማለቂያ የሌለው ዓምድ ቆሟል።

ዓምዱ 29 ሜትር ከግማሽ ሊሞላ ትንሽ የቀረው ነው። ውስጡ የብረት ምሰሶ ነው፤ በእሱ ላይ ከቀለጠ ብረት የተሠሩ ቅርጾች እንደ ጨሌ ተሰክተዋል፤ ውጫቸው በናስ ተለብጧል። የአንዱ ቅርጽ ጠባቡ ወርድ 45፣ ሰፊው 90፣ ቁመቱ 180 ሳንቲሜትር ነው። እጥፍ፣ እጥፍ። ስሌቱን የተወጣው መሐንዲስ ሽቴፋን ጆርጄስኩ ጎርዣን ይባላል። አሁን ወደ ጫፉ እዩ። የመጨረሻው ቅርጽ ግማሽ ነው። ሙሉ ቢሆን ኖሮ ዓምዱ እዚያ ያበቃ ነበር። ግማሽ ስለሆነ ዓይን ሌላውን ግማሽ ይጠብቃል።

ይህን ቅርጽ ከ1918 ጀምሮ በእንጨት ሲሠራው ነበር። የበረንዳውን ምሰሶ ያዙልኝ ያልኳችሁ ለዚህ ነው።

ሥራው በ1938 ተመረቀ። ከጦርነቱ በኋላ የመጣው የኮሚኒስት አስተዳደር አልወደደውም። በ1950ዎቹ ዓምዱን በትራክተር ጎትተው ለመጣል ሞክረው ነበር። አልወደቀም። መሐንዲሱ መሠረቱን በደንብ ቀብሮታል። በ2024 ስፍራው በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት ተመዝግቧል።

ብራንኩሺ በ1952 የፈረንሳይ ዜግነት ወሰደ። በ1956 ስቱዲዮውን ከነሙሉ ዕቃው ለፈረንሳይ መንግሥት ተናዘዘ፤ ልክ እንዳለ ተጠብቆ ይኑር ብሎ። ማርች 16 ቀን 1957 ሞተ። ስቱዲዮው ውስጥ 137 ቅርጻ ቅርጽና 87 መቆሚያ ተገኘ። መቆሚያዎቹ ለብቻቸው መቆጠራቸው ደስ ያሰኘዋል ወይ ያናድደዋል፣ እንጃ። ኤምፓስ ሮንሳን በኋላ ለሆስፒታል ማስፋፊያ ፈረሰ። ስቱዲዮው ግን ፓሪስ ካለው የዘመናዊ ጥበብ ሙዚየም፣ ከፖምፒዱ ማዕከል ፊት ለፊት፣ በአርክቴክት ሬንዞ ፒያኖ ንድፍ፣ በ1997 እንደገና ተሠራ።

[ምስል፦ ሞንፓርናስ የመቃብር ስፍራ]

የተቀበረው ሞንፓርናስ ነው። እዚያው መካነ መቃብር ውስጥ ሌላ "መሳሳም" አለ፤ በ1909 የተሠራ፣ በወጣትነቷ ራሷን ባጠፋች ሩሲያዊት መቃብር ላይ የቆመ። ሁለቱ ሰዎች እዚህ ሙሉ ገላ አላቸው፤ እግራቸውም ተቃቅፏል። ሲተከል ዞር ብሎ ያየው ሰው ጥቂት ነው። ዋጋው ሰማይ ሲነካ ወራሾች ቅርጹን ነቅለው መውሰድ ፈለጉ። መንግሥት አይነቀልም አለ። ክርክሩ ዓመታት ፈጀ፤ በመሀሉ ቅርጹ በእንጨት ሳጥን ተሸፍኖ ነበር። በ2021 የፈረንሳይ ከፍተኛው የአስተዳደር ፍርድ ቤት ወሰነ፦ ቅርጹ፣ የቆመበት ድንጋይና መቃብሩ አንድ ሥራ ናቸው፤ ለይቶ መውሰድ አይቻልም።